በውሃ ግቢው ሣር ውስጥ የበቀሉት ኦርኪዶች

አክስቴ ሞተረኛ ናት። ሞተረኛ ስላችሁ መኪና የምትነዳ እንዳይመስላችሁ። ከከተማችን ዳር ባለው የውሃ ግቢ ሁለቱን ፓምፖች የምታስነሳውም የምታጠፋውም እሷ ናት። ከጧቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ትገባለች፣ አመሻሽ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ ለዘበኛው አስረክባ ትወጣለች። በየሰዓቱ የግፊት መለኪያውን አንብባ መዝገብ ላይ ታሰፍራለች። በኮንክሪት እግሮች ላይ የቆመው ታንከር ሲሞላ ፓምፑን ታጠፋለች፣ ሲጎድል ታስነሳለች። ይህን ስትሠራ ሃያ ዓመት ሊሞላት ነው።

የሥራ ባልደረቦቿ "ስጋት" ነው የሚሏት። ስሙ ያለ ምክንያት አልወጣላትም። በተቀጠረች በሁለተኛው ዓመት፣ ከቤት የመጣ ስልክ ልታነሳ ዞር ባለችበት፣ አንደኛው ፓምፕ ያለ ውሃ ሲሽከረከር ቆይቶ ተቃጠለ። የከተማው እኩሌታ ሁለት ቀን ውሃ አጣ። ሰው አልሞተም፣ እሷም ከሥራ አልተባረረችም። ግን ሆስፒታሉ በቦቴ መኪና ውሃ ሲቀዳለት በዓይኗ አይታ ነበርና ያ ነገር ከሆዷ አልወጣ አለ። ከዚያ ወዲህ ቁልፍ ስትቆልፍ ሦስቴ ትነካካለች። ቫልቩን መዝጋቷን ለማየት ከመንገድ ትመለሳለች። ዝናብ ሲጥል መብረቁን ትፈራለች፣ ዝናብ ሲጠፋ ድርቁን።

ባሏ ጎሚስታ ነው፤ ከትልቁ መንገድ ዳር ጎማ ይጠግናል። ወሬ ሆዱ ውስጥ አያድርም፣ ሰው ማሳቅ ይወዳል።

"አንቺኮ" ይላታል፣ "ሠርግ ቢጠሩሽ ድንኳኑ ይወድቃል ብለሽ ምሰሶውን አቅፈሽ የምታመሺ ሰው ነሽ።"

የውሃው ግቢ ሰፊ ነው። ከፓምፕ ቤቱና ከታንከሩ የተረፈው ቦታ፣ የኳስ ሜዳ ግማሽ የሚያህል፣ ሣር ብቻ ነው። አጥሩ ከታጠረ አርባ ዓመት አልፎታል፤ በዚያ ሁሉ ጊዜ መሬቱ ታርሶ አያውቅም፣ ከብት አልገባበትም፣ ቤት አልተሠራበትም። ዙሪያው ያለው መስክ ሁሉ አንድ በአንድ ፎቅና መጋዘን ሲሆን፣ ይኸኛው በሽቦ አጥር ውስጥ እንደተረሳ ቀረ። ሣሩን የሚያጭድ ሰው ስላልተመደበ አክስቴ በየዓመቱ ዝናቡ ሲያባራ በገዛ ማጭዷ ታጭደው ነበር።

አበባዋን ያገኘቻት በሥራዋ በስድስተኛው ዓመት ነው። ከታንከሩ ጀርባ ተንበርክካ ስታጭድ፣ ማጭዷ ሊነካት ሲል አንዲት ቀጥ ያለች ዘንግ አየች። ቁመቷ ስንዝር ተኩል ቢሆን ነው። ከሩቅ ቢያዩዋት ሣር ናት። ቀረብ ብለው ሲያዩዋት ግን ከላይ እስከ ታች ነጣ ያሉ፣ አረንጓዴ ጥላ ያለባቸው ትንንሽ አበቦች ተደርድረውባታል። እያንዳንዷ አበባ ወደ ታች የተንጠለጠለች ምላስና ከኋላዋ ደግሞ እንደ ክር የቀጠነች ረጅም ጭራ አላት። አክስቴ ዞር ዞር ብላ ስታይ ሌሎችም ነበሩ። ቆጠረቻቸው፤ አሥራ አንድ።

አንዷን ነቅላ ወሰደች። ይህን የነገረችኝ ከብዙ ዓመት በኋላ ነው፣ ድምፅዋንም ዝቅ አድርጋ ነው የነገረችኝ። በማንኪያ ዙሪያዋን ቆፍራ፣ ከሥሯ ያሉትን ሁለት ትንንሽ ድንች መሳይ ነገሮች ሳትጎዳ አውጥታ፣ በቆርቆሮ ጣሳ ተክላ መስኮቷ ላይ አኖረቻት። ውሃ አጠጣቻት፣ ጥላ አደረገችላት፣ ከግቢው አፈር ጨመረችላት። በአሥር ቀኗ ጠወለገች፣ በወሩ ጣሳው ውስጥ አፈር ብቻ ቀረ።

"ሌባ የሆንኩ መሰለኝ" አለችኝ። "ማን እንደተሰረቀ ግን አላውቅም።"

ከዚያ ወዲህ ያንን ጥግ አታጭድም። አበባው ረግፎ፣ ፍሬው ደርቆ እስኪፈነዳ ድረስ ሣሩ ጉልበቷ ጋ ቢደርስም ትተወዋለች። በየዓመቱ ትቆጥራቸዋለች፤ ቁጥሩንም በግፊት መዝገቡ የመጨረሻ ገጽ ላይ ትጽፋለች። ዘጠኝ፣ አሥራ አራት፣ ስድስት። አንድ ዓመት ጭራሽ አንድም ሳይወጣ ቀረና ምግብ አልበላ አላት፤ ባሏ ሐኪም ቤት ሊወስዳት ነበር። በተከታዩ ዓመት አሥር ሆነው ብቅ አሉ።

አበባዋ ምን እንደሆነች የነገሯት ጡረታ የወጡ የባዮሎጂ መምህርት ናቸው። እሳቸውም የመጡት ለአበባ ሳይሆን ለጠብ ነው። አንድ ቀን ባዶ ባልዲ አንጠልጥለው የግቢውን በር ደበደቡ።

"ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው የምኖረው፤ ሳምንቱን ሙሉ ጠብታ አላየሁም። ኃላፊው ማነው?"

"ኃላፊ የለም እማማ፣ እኔ ነኝ ያለሁት። ግፊቱን ልይልዎት፣ ይግቡ።"

አክስቴ መለኪያውን አሳየቻቸው። ችግሩ ከግቢው ሳይሆን ከፎቃቸው መስመር መሆኑን እያስረዳች በታንከሩ ጀርባ በኩል ስትሸኛቸው፣ መምህርቷ የጀመሩትን ቁጣ ሳይጨርሱ ቀጥ አሉ። ባልዲውን አስቀምጠው እርጥቡ ሣር ላይ ተንበረከኩ።

"ይቺን ማን ተከላት?"

"ማንም። ራሷ ነች።"

"ኦርኪድ ናት እኮ፣ ልጄ።"

"ኦርኪድ የሚባለው ሆቴል ውስጥ ጠረጴዛ ላይ የሚያስቀምጡት አይደለም እንዴ?"

"እሱ ዘመዷ ነው። ይቺ የሣር ሜዳ ናት፣ ከዚሁ ከመሬታችን የበቀለች። ተማሪ ሳለሁ አንድ ጊዜ ብቻ አይቻታለሁ።" በእጃቸው ወደ ፎቆቹ አመለከቱ። "ያየሁበት ሜዳ ላይ አሁን የምኖርበት ፎቅ ቆሟል።"

መምህርቷ ፎቶ አንስተው ዕፅዋት ለሚመራመር የቀድሞ ተማሪያቸው ላኩለት። በሳምንቱ ደወለ። አክስቴም በፓምፕ ቤቱ ውስጥ፣ የሞተሩን ድምፅ ለማሸነፍ ስልኩን ጆሮዋ ላይ ለጥፋ ሰማችው።

"ከእናንተ ሌላ የማውቃት ሁለት ቦታ ብቻ ነው" አላት። "እባካችሁ ለማንም አትንገሩ። ቆፍረው የሚሸጡ ሰዎች አሉ። ከተቆፈረች ደግሞ አትኖርም። ከሥሯ ጋር ተቆራኝቶ የሚመግባት ፈንገስ አለ፤ እሱ የሚኖረው እዚያው አፈር ውስጥ ነው። ጣሳ ውስጥ ብትተከል ትሞታለች።"

"አውቃለሁ" አለች አክስቴ። እንዴት እንዳወቀች አልጠየቃትም፤ እሷም አልነገረችውም።

እስከዚያ ቀን ሰው ይጎዳብኛል ብላ የምትሰጋው ለውሃው ብቻ ነበር። ከዚያ በኋላ ለሁለት ነገር መስጋት ጀመረች። አጥሩ ጋ ቆሞ የሚያወራ ሰው ካየች ዓይኗን አትነቅልም። ለባሏ ብቻ ነገረችው፤ ለባልም ካልነገሩ ለማን ይነገራል ብላ። አደራ፣ በሞቴ፣ ብላ አስማለችው። እሱም ማለ።

ነገሩ የከረረው ባለፈው ዓመት ነው፣ አበቦቹ ደህና ሆነው በፈኩበት ሳምንት። አሥራ አንድ ነበሩ። ረቡዕ ረፋድ ላይ ቀያሾች መጡና ከፓምፕ ቤቱ ጀምረው እስከ ማዶ አጥር ድረስ ጫፉ ቀይ የተቀባ ችካል ተከሉ። ለአዲሱ ሰፈር ዋና መስመር ሊዘረጋ ነው። ኤክስካቫተሩ ሰኞ ይገባል። አክስቴ ቀያሾቹ ከሄዱ በኋላ ከችካል ችካል እየተራመደች ተከተለች። አራተኛውና አምስተኛው ችካል መሃል ስትደርስ ቆመች። መስመሩ በአበቦቹ ላይ ነው የሚያልፈው።

ብትናገር ወሬው ቢሮውን ሁሉ ያዳርሳል፤ ከቢሮ ደግሞ ወደ ከተማው ይወጣል። ዝም ብትል ሰኞ አለቀ። ስትገላበጥ አድራ ሐሙስ ተቀያሪዋን ለምና ወደ ቢሮ ሄደች።

የመስመሩን ሥራ በሚመራው ኢንጂነር በር ላይ ካለው አግዳሚ ወንበር ከሦስት ሰዓት እስከ ስድስት ሰዓት ተቀመጠች። የምትለውን በልቧ ደጋግማ አጥንታ ነበር። ስትገባ ሁሉም ብን ብሎ ጠፋ።

"መስመሩ... ትንሽ ወደ ግራ ቢል ብዬ ነበር" አለችው።

ኢንጂነሩ ወጣት ነው፤ ትሑትም ነው፤ ግን ጠረጴዛው ላይ ወረቀቱ ተከምሯል። "ለምን?"

"ሣሩ..."

"ሣሩ ምን ሆነ?"

"ጥሩ ሣር ነው።"

ቀና ብሎ አያት። "ላም አለዎት እንዴ?"

"ኧረ የለኝም! አበባ አለ። እዚያ ብቻ ያለ አበባ ነው።"

ኢንጂነሩ አልሳቀባትም፤ ቢስቅባት ይሻላት ነበር። እስክሪብቶውን አስቀምጦ "እትዬ፣ እኔ ለሥራ ተቋራጩ አበባ አለ ብዬ ምን ብዬ ነው የምጽፍለት?" አላት። "የሚያውቅ ሰው የፈረመበት ወረቀት ያምጡልኝ፣ አየዋለሁ።"

አርብም ተቀያሪዋን አስገብታ ጧት ወደ እኔ መጣች። እኔ የምሠራው ኮምፒውተር ጽሕፈት ቤት ነው፤ ማመልከቻ እጽፋለሁ፣ ፎቶ ኮፒ አነሳለሁ። መምህርቷን አስከትላ ገባችና በሩን እንድዘጋ ነገረችኝ። መምህርቷ እያሉኝ እኔ ጻፍኩ፣ እሳቸው ፈረሙ። የተመራማሪው ወረቀት ቢያያዝ ጥሩ ነበር፤ እሱ ግን ገጠር ወጥቶ ስልኩ አይጠራም። አትሜ ስጨርስ አክስቴ ጽሑፉን ከኮምፒውተሩ እንዳጠፋው አደረገችኝ።

"ከቅርጫቱም አጥፊው" አለችኝ።

"ቅርጫት መኖሩን ማን ነገረሽ?"

"አጥፊው ብያለሁ፣ ልጄ።"

ደብዳቤው ቢሮ ሲደርስ ከቀትር በኋላ ሆኖ ነበር። ጸሐፊዋ ተቀብላ ማኅተም መታችበትና "ኢንጂነሩ ስብሰባ ወጥተዋል፣ ሰኞ ያዩታል" አለች። ኤክስካቫተሩም ሰኞ ነው የሚመጣው።

ይህ ሁሉ ሲሆን ጎሚስታው ባሏ ዝም ብሎ አልተቀመጠም። ሚስቱ ሁለት ቀን እህል አለመቅመሷን አይቶ አንጀቱ አልችል አለ። ከተማው ከጮኸ ኤክስካቫተሩ ይቆማል ብሎ አሰበ። እናም መኪና በክሪክ እያነሳ፣ ጎማ እየፈታ፣ ለመጣው ደንበኛ ሁሉ ነገረ።

"ሚስቴ የምትጠብቀው አበባ የትም የለም! ሦስት ቦታ ብቻ ነው ያለው! ሊቆፍሩት ነው፣ አንድ ነገር በሉ እንጂ!"

አብዛኛው ሰው ሳቀ፣ አንዳንዱም ከንፈሩን መጠጠ። አንድ ሰው ግን፣ የኋላ ጎማው የተነፈሰበት፣ ንጹሕ ኮት የለበሰ ሰው፣ ግቢው በየት በኩል እንደሆነ በትሕትና ጠየቀው። ጎሚስታውም በእጁ አመለከተው፤ ከታንከሩ ጀርባ መሆኑንም ነገረው።

ቅዳሜ አራት ሰዓት ገደማ ያው ሰው ግቢው በር ላይ ቆመ።

"እናቴ፣ እንደምን አደሩ? ከምርምሩ ነው የመጣሁት። ስለ አበቦቹ።"

አክስቴ እፎይ አለች። ተመራማሪው የላከው መስሏት ቁልፉን ከኪሷ አወጣች። ደስታዋ አቻኩሏት ቁልፉ ቀዳዳውን ሲስት፣ ሰውየው በሽቦው መሃል አንገቱን አስግጎ ወደ ውስጥ ማየት ጀመረ።

"ስንቶቹ ፈክተዋል?" አላት።

"አሥራ አንዱም።"

"ጥሩ፣ ጥሩ። ከታንከሩ ጀርባ ነው አይደል?"

ቁልፉ ገባ። አክስቴ ግን አላዞረችውም። ቦታውን በስልክ ነግረውት ይሆናል ብላ አሰበች፤ ሆኖም ስጋቷ አልለቀቃት አለ። ሁልጊዜም አይለቃትም፣ ግን በዚያን ቀን ሰማችው።

"ሰኞ ከመቆፈሩ በፊት ብናነሳቸውስ?" አለችው። "ይጸድቃሉ?"

"ምን ችግር አለው! ሥራዬ እኮ ነው። በጥሩ ማሰሮ ተክዬ ከዚህ የበለጠ ነው የማሳምራቸው።"

አክስቴ ቁልፉን መልሳ አወጣችው። ፊቷ ላይ ያለውን እንዳያይባት ጎንበስ ብላ የነጠላ ጫማዋን አስተካከለች።

"ኃላፊዬ ሳይፈቅድ አልከፍትም" አለች። "ሰኞ ይምጡ።"

ሰውየው አልተቆጣም። ፈገግ ብሎ "እሺ፣ እመለሳለሁ" አላትና ሄደ። ፈገግታው ከቁጣ የባሰ አስፈራት። የመኪናው ድምፅ እስኪጠፋ ጠብቃ ለባሏ ደወለች።

"ለማን ነው የነገርከው?"

"ጎማ የተነፈሰበት አንድ ሰው ነበር" አለ። "ደግ ሰው ይመስል ነበር።"

እሑድ የእረፍት ቀኗ ነው። ሁለቴ ግቢው ድረስ ሄዳ ከበሩ ተመለሰች። በሁለተኛው ጊዜ ተቀያሪዋ "ስጋት፣ እኔን አላምን አልሽ እንዴ?" ብሎ ሳቀባት። ሦስተኛ ልትሄድ ስትነሳ አፈረችና ተቀመጠች። እስከ ዛሬ የምትጸጸተው በዚያች ሦስተኛዋ ነው።

ሰኞ ጧት ገብታ መለኪያውን እንኳ ሳታይ ወደ ታንከሩ ጀርባ ሄደች። አጥሩ ከታች በኩል በፒንሳ ተቆርጦ እንደ መጋረጃ ተገልጧል። ሣሩ ላይ ሦስት ጉድጓዶች አሉ፣ እያንዳንዳቸው ጭብጥ የሚያህሉ፣ ጠርዛቸው ንጹሕ ሆኖ የተቆረጠ። አራተኛዋ አበባ በጫማ ተረግጣ ተሰብራለች። ሰባት ቆመዋል። ደግማ ቆጠረች፤ ሰባት።

ስትደውልለት ባሏ እጁ በግሪስ እንደጨቀየ እየሮጠ መጣ። ጉድጓዶቹን አየ።

"የኔ አፍ ነው" አለ።

አክስቴ ብትጮህበት፣ ብትረግመው ይወድ ነበር። እሷ ግን የተሰበረችውን ዘንግ አንስታ እጇ ላይ ይዛ ታያት ነበር። ከዚያ የከባድ መኪና ጥሩምባ ከበሩ ተሰማ።

ኤክስካቫተሩ በረጅም ተሳቢ ተጭኖ መጥቷል። የሥራ ተቋራጩ ፎርማን በሩን መታ። አክስቴ ከውስጥ ቆማ ቁልፉን ደረቷ ውስጥ ሸጎጠች።

"ኢንጂነሩ ሳይመጣ አልከፍትም።"

"ምን? ሥራ ላይ ነን እኮ ሴትዮ!"

"አልከፍትም።"

በሃያ ዓመት ውስጥ አለቃ ላዘዘው ነገር እሺ ሳትል የቀረችው ያን ቀን ነው። በሩን በጀርባዋ ተደገፈች። ፎርማኑ ስልክ ላይ ይጮሃል። ሁለት ሰዓት ሲሞላ "አንድ ጊዜ" ብላ ሄደች፣ መለኪያውን አነበበች፣ መዝገቡ ላይ ጻፈች፣ ተመልሳ በሩን ተደገፈች። ሦስት ሰዓት ላይም እንዲሁ። ባሏም አጠገቧ በሩን ተደገፈ።

ኢንጂነሩ ሲደርስ ፊቱ ቀልቷል። ደብዳቤው ሳይከፈት በእጁ ነው። አክስቴ በሩን ከፍታ በቀጥታ ወደ አጥሩ ወሰደችው። የተቆረጠውን ሽቦ ሲያይ ቁጣው ወዴት እንደገባ አልታወቀም።

"ይሄ መቼ ነው የተቆረጠው?"

"ቅዳሜ አልነበረም።"

"የታንከሩ ክዳን ተቆልፏል?"

መልስ ሳይጠብቅ መሰላሉ ላይ ወጣ። ከታች ሆነን... አይ፣ እኔ እንኳ አልነበርኩም፤ አክስቴ ደጋግማ ስለነገረችኝ የነበርኩ ይመስለኛል። ክዳኑ እንደተቆለፈ ነበር። ሲወርድ ላብ አጥምቆታል። ግማሽ ከተማ የሚጠጣው ውሃ ጋ ማንም ሰው በፒንሳ መግባት እንደሚችል ያን ጊዜ ነው የገባው። ከዚያ በኋላ ነው ጉድጓዶቹን ያየው።

"ለዚህ ነው አጥሩን የቆረጡት?"

"ለዚህ ነው።"

ኢንጂነሩ ቁጢጥ አለና ከሰባቱ አንዷን አያት። ደብዳቤውን እዚያው ቀደደና ቁጢጥ እንዳለ አነበበው። ሲጨርስ የኤክስካቫተሩን ኦፕሬተር ጠራ።

"አራት ሜትር ወደ ግራ ብንሄድስ?"

"ለኔ ያው ነው ጌታዬ፣ አፈር አፈር ነው። ሁለት መታጠፊያ ቧንቧ ይጨመራል እንጂ።"

አክስቴ ያን ሰምታ መሬት ላይ ቁጭ አለች። አምስት ቀን ነፍሷን ያስጨነቃት ነገር በሁለት ቧንቧ አለቀ።

አላለቀም እንጂ። ቁፋሮው ቀኑን ሙሉ ፈጀ። የኤክስካቫተሩ ክንድ በዞረ ቁጥር አክስቴ አበቦቹን ትቆጥራለች። የተከመረው አፈር ወደ አበቦቹ ይንሸራተት ጀመር፤ ባልና ሚስት ከፓምፕ ቤቱ ጀርባ ያገኙትን ቆርቆሮ አቁመው በጀርባቸው ደገፉት። አንድ ጓል በቆርቆሮው ላይ ዘልሎ አንዷ ላይ ወደቀ። አክስቴ በጣቷ፣ ሕፃን እንደምታጥብ፣ አፈሩን ከላይዋ አራገፈች። ዘንጓ ጎበጠች እንጂ አልተሰበረችም።

ሌባው አልተገኘም። ፖሊስ መጥቶ ጻፈ፤ ዘበኛው ሌሊቱን ምንም እንዳልሰማ ተናገረ፤ ጎሚስታው የመኪናውን መልክና የጎማውን ዓይነት እንኳ ተናገረ፣ ታርጋውን ግን አላየም። ሦስቱ የት እንደደረሱ አናውቅም። አክስቴ ግን መሞታቸውን ታውቃለች።

ባሏ ሦስት ቀን ሥራውን በጊዜ እየዘጋ ግቢው መጣ። አጥሩን ከአሮጌ ጎማ በመዘዘው ሽቦ ዳር እስከ ዳር ሰፋው። ደንበኞቹ ታምመህ ነው ወይ እስኪሉት ድረስ ወሬ አቆመ። በሦስተኛው ቀን አክስቴ ውሃ ይዛለት ወጥታ አጠገቡ ቆመች።

"እስቲ የሆነ ነገር አውራ" አለችው። "ዝምታህ ያስፈራኛል።"

"ምን ላውራ?"

"ስለ ጎማ አውራ።"

ስለ ጎማ አወራ።

ተመራማሪው ከሁለት ሳምንት በኋላ ደረሰ። ቀጭን፣ መነጽራም ሰው ነው፤ እንደገባ በሆዱ ሣሩ ላይ ተኛ። አበቦቹን የሚጎበኛቸው አንድ ረጅም አፍ ያለው የእሳት ራት እንደሆነ፣ እሱም ከሜዳው ጋር እየጠፋ መሆኑን ነገራት። ከዚያ የጥርስ መጎርጎሪያ እንጨት አውጥቶ አበባዋ ውስጥ አስገባና ሲያወጣው ጫፉ ላይ ሁለት ቢጫ ነጠብጣቦች ተጣብቀው ነበር። የእሳት ራቱ የሚሠራው ይህን ነው ብሎ ያንን ወስዶ ሌላዋን አበባ ነካት።

"እርስዎም ይሞክሩ" አላት።

ሃያ ዓመት ቫልቭ ያዞረ እጅ ነው፤ በመጀመሪያዋም በሁለተኛዋም ሳተ። በሦስተኛዋ ያዘላት። ከሰባቱ አራቱ ፍሬ ቋጠሩ። ፍሬው ደርቆ ሲፈነዳ የወጣው ዘር አቧራ እንጂ ዘር አይመስልም ነበር።

"መቼ ይበቅላል?" ብላ ጠየቀችው።

"ዕድለኛ ከሆንን በአምስት፣ በስድስት ዓመት ያብባል።"

አክስቴ በጣቷ ቆጠረች። እሷ በሚመጣው ዓመት ጡረታ ትወጣለች።

ዘንድሮ ዝናቡ ዘገየ። በመጀመሪያው ሳምንት አንድም አልወጣም፣ በሁለተኛውም። አክስቴ ከሳች፤ ልብሷ ሰፋት። ተመራማሪው አንዳንዴ አፈር ውስጥ ሆነው አንድ ዓመት እንደሚያርፉ ነግሯት ነበር፤ እሷን ግን ያ አላጽናናትም። የተኛውንና የሞተውን በምን ይለዩታል? በሦስተኛው ሳምንት ሁለት ወጡ። ከዚያ አራት ተጨመሩ። ስድስት። ሰባተኛዋ፣ ጓሉ የወደቀባት፣ አልታየችም።

ኢንጂነሩ ወደ ሌላ ከተማ ተዛውሯል። ያ ጥግ እንዳይታጨድና እንዳይቆፈር ብሎ የፈረመው ወረቀት ፋይል ውስጥ አለ። አክስቴ ግን ፋይልን የሚያነብ ሰው አይታ አታውቅም። ስለዚህ ተስፋዋን ያደረገችው በምትተካት ሴት ላይ ነው። ሠላሳ ዓመት ያለፋት፣ የሁለት ልጆች እናት፣ የተረጋጋችና ቀልጣፋ ሴት ናት። ፓምፑን በሦስት ቀን ለመደችው። አበቦቹን ስታሳያት ግን "እነዚህን ነው?" ብላ ዝም አለች። አክስቴ ያን ዝምታ ይዛው ቤት መጣች፤ ሳምንት ሙሉ አብሰለሰለችው።

ባለፈው እሑድ አክስቴ ቤት ነበርኩ። ከቀትር በኋላ ዝናቡ ወረደ፤ ቆርቆሮው ላይ ሲያርፍ መነጋገር አቃተን። ስልኳ ጠራ፤ የምትተካት ሴት ናት፣ የእሑዱን ተራ የያዘችው። ድምፁን ከፍ አድርጋ ስለነበር እኔም ሰማሁት።

"እትዬ፣ ጎርፉ በአጥሩ ሥር ገብቷል! በአዲሱ መስመር በኩል ወርዶ ወደ አበቦቹ እየሄደ ነው! ምን ላድርግ? ፓምፑን አጥፍቻለሁ፣ አካፋ ይዣለሁ፣ ከየት በኩል ልክፈትለት?"

"ከላይ በኩል" አለች አክስቴ፣ "ከታንከሩ እግር ጀምረሽ ወደ ቦዩ። በጣም አትጠጊያቸው። አይዞሽ።"

ስልኩን ዘጋች።

"ተንቀጠቀጠች፣ አልሰማሽም?" አለችኝ። "ድምፅዋ ተንቀጠቀጠ።"

ደስ ያላት መሰለኝ። ግን ወዲያው ተነስታ የዝናብ ካፖርቷን መፈለግ ጀመረች። ባሏ አንዱን እጅጌ ሲያስገባላት እኔ ሌላውን ያዝኩላት፤ ሦስታችንም ወጣን። ስንደርስ ቦዩ ተከፍቶ ውሃው ወደ ጎን እየፈሰሰ ነበር፤ አዲሷ ሞተረኛ እስከ ጉልበቷ ጭቃ ሆና አካፋዋን ተደግፋ ቆማለች። አክስቴ ወደ አበቦቹ ሄዳ ጎንበስ አለች፣ ቆጠረች፣ ደግማ ቆጠረች።

"ስድስት" አለች አዲሷ፣ ከኋላዋ። "እኔም ቆጥሬያቸዋለሁ።"